የሟቹን ስም ማን ወሰደው?

በሲኒማ ነገር በአገራችን ሁለት ወገኖች ሲከራከሩ እንሰማለን። አንደኛው ወገን ሳያይ ይረግማል፤ ሁለተኛው ወገን ሳይመረምር ያመሰግናል። የፊተኛው፥ ሲኒማ ወደ አዲስ አበባ በገባበት በመጀመሪያው ዘመን አዳራሹን «የሰይጣን ቤት» ብሎ የሰየመው ሰው ወራሽ ነው። የኋለኛው ደግሞ ከባሕር ማዶ የመጣው ሁሉ ሥልጣኔ ይመስለዋል። እኔ በዚህ ጽሑፍ ከሁለቱም ጋራ እሟገታለሁ። ሙግቴም ስለ መዝናኛ ብቻ አይደለም። ሰው በሰው እጅ በሞተ ጊዜ ስሙን ማን ይጠብቅለታል? የምሟገተው ስለዚህ ጥያቄ ነው።

አስቀድሜ ነገሩ ለምን የእኛ ጉዳይ እንደ ሆነ ልናገር። ቀድሞ ሲኒማ የትልልቅ ከተሞች ሰው ነገር ነበር። አዳራሽ ነበረው፥ አዳራሹም በር ነበረው፤ ስለዚህ ልጁን ወደዚያ እንዳይሄድ የከለከለ አባት በሩን የዘጋ ያህል ነበር። ዛሬ ግን አዳራሹ ተጠቅልሎ ኪስ ውስጥ ገብቷል። ከደጀን ወደ ደብረ ማርቆስ በሚወስደው መንገድ ላይ ባለችው በእኛዪቱ በአምበር፥ ጤፍ ጭኖ ገበያ የመጣው የገበሬ ልጅ አህያውን አስሮ ጥላ ሥር እስኪያርፍ ድረስ፥ በሩቅ አገር ሰው ሲገደልና ገዳዩ ሲፈለግ በእጅ ስልኩ ያያል። እንግዲህ የሚዘጋ በር የለም። በር ከሌለ ደግሞ የሚቀረው መሣሪያ እርግማን ሳይሆን ማስተዋል ነው። ልጁ ማየቱን ላናስቀር እንችላለን፤ እንዴት እንደሚያይ ግን ልናስተምረው እንችላለን።

ለምሳሌ እንዲሆነን፥ ግድያንና ሣቅን አንድ ላይ ከሚያቀርቡት ፊልሞች መካከል አውራ የተባለውን እንውሰድ። ስሙ «ቀጭኑ ሰው» ይባላል። መጽሐፉን የጻፈው ዳሺል ሃሜት የሚባል አሜሪካዊ ነው፤ እርሱም ደራሲ ከመሆኑ በፊት ፒንከርተን በተባለው የምርመራ ድርጅት ወንጀል መርማሪ ሆኖ ሠርቷል፤ ስለዚህ የሚጽፈውን ነገር የሚያውቀው በወሬ ሳይሆን በሥራ ነበር። መጽሐፉም ፊልሙም በአንድ ዓመት፥ በ1926 ዓ.ም. (እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1934) ወጡ። ጽሑፉን ለሲኒማ ያሰናዱት አልበርት ሃኬትና ፍራንሲስ ጉድሪች ባልና ሚስት ነበሩ፤ አዘጋጁ ቫን ዳይክ በሁለት ሳምንት ገደማ ቀርጾ ጨረሰው፤ መርማሪውንና ሚስቱን ሆነው የተጫወቱት ዊሊያም ፓውልና ሚርና ሎይ ናቸው። ሥራው ለኦስካር ሽልማት በአራት ክፍል ታጭቶ ነበር። ሥዕሉ ጥቁርና ነጭ ብቻ ሲሆን፥ የሰዎቹ ጥላ በግድግዳና በጎዳና ላይ ሲረዝም የሚያይ ሰው ልቡ ይሰቀላል፤ ወዲያውም ባልና ሚስቱ በሚለዋወጡት ተረብ ይሥቃል።

ታሪኩ እንዲህ ነው። ዋይናንት የሚባል ቀጭን ሰው፥ አዲስ መሣሪያ የሚፈለስፍ ብልኅ፥ ለሥራ እሄዳለሁ ብሎ ከከተማ ይጠፋል። ከዚያ በኋላ ወዳጁ የነበረችው ሴት ተገድላ ትገኛለች። ሁሉም «ገዳይዋ የጠፋው ሰው ነው» ይላል። ሌላ ሰው ይገደላል፤ አሁንም «እርሱ ነው» ይባላል። ከእርሱ የተላኩ የሚመስሉ መልእክቶችም ይደርሳሉ። የምርመራ ሥራውን ትቶ በሀብታም ሚስቱ ገንዘብ ተደላድሎ የሚኖረው ኒክ ቻርልስ፥ ወደ ነገሩ ሳይወድ ይገባል። አንድ ሌሊት አስታ የተባለውን ትንሽ ውሻውን አስከትሎ ወደ ዋይናንት የሥራ ቤት ሲገባ፥ ውሻው ወለሉን አሽትቶ አልንቀሳቀስ ይላል፤ ከወለሉም በታች የሰው ዐፅም ይገኛል። አብሮት የተቀበረው ልብስ የወፍራም ሰው ልብስ ስለ ሆነ፥ ፖሊሶቹ «ይህም ዋይናንት የገደለው ነው» ብለው ይደመድማሉ። መርማሪው ግን በዐፅሙ የእግር አጥንት ውስጥ የቀረውን የጥንት ቁስል ፍንጣሪ አይቶ፥ ዐፅሙ የራሱ የዋይናንት መሆኑን ይረዳል። ስንት ጊዜ የተፈለገው፥ ስንት ጊዜ የተወነጀለው ሰው ከሁሉ አስቀድሞ የተገደለው እርሱ ነበረ። ገዳዩም ገንዘቡን ይሰርቅ የነበረው ነገረ ፈጁ ነው። መርማሪው የተጠረጠሩትን ሁሉ ለእራት ጠርቶ፥ ፖሊሶችን አሳላፊ አስመስሎ አቁሞ፥ በገበታው ላይ ነገሩን ይገልጠዋል።

አሁን ወደ መጀመሪያው ወገን ልመለስ። ወንድሜ ሆይ፥ «ይህ የሰይጣን ተረት ነው» ትላለህ። ቅኔ ቤት የዋለ ሰው ግን ይህን ነገር ባዕድ ነው ሊል አይችልም። ዋሸራም ሆነ ጎንጅ፥ የቅኔ ተማሪ በየማታው ምን ሲፈልግ ያድራል? ከሰሙ በታች የተቀበረውን ወርቅ አይደለምን? በዚህ ታሪክ ሰሙ በሕይወት ያለ ገዳይ ነው፤ ወርቁ የሞተ ንጹሕ ሰው ነው። ኅብሩ ልብሱ ነው፤ ፖሊሱን ወደ ሰሙ ይመራዋል፥ አስተዋዩን ወደ ወርቁ ይመራዋል። ላይ ላዩን ሰምቶ «ገባኝ» የሚለው ተማሪ በመምህሩ ፊት እንደሚያፍር፥ ልብስ አይቶ የፈረደው ፖሊስም በአጥንቱ ፊት አፈረ። ይህን የሠራ ሰው በሌላ ቋንቋ ይሥራው እንጂ፥ የሠራው ነገር እኛ የምናውቀው ነው።

ከዚህም አልፎ፥ ምርመራና ሣቅ በአንድ ላይ መሆናቸው ነውር ነው የምትል ከሆነ፥ የዳንኤልን ነገር አስታውስ። በሶስና ላይ በሐሰት የመሰከሩትን ሁለት ሽማግሎች ለያይቶ አቁሞ፥ በየትኛው ዛፍ ሥር እንዳዩአት ለየብቻቸው በጠየቃቸው ጊዜ፥ አንዱ የአንዱን ዛፍ ስላላወቀ ሐሰታቸው ተገለጠ። ምስክርን ለይቶ መመርመር ከፈረንጅ የመጣ ብልኀት አይደለም። ዳግመኛም የቤል ካህናት ጣዖቱ መብሉን ይበላል እያሉ ንጉሡን ባታለሉት ጊዜ፥ ዳንኤል በቤተ ጣዖቱ ወለል ላይ ዐመድ አስነስንሶ በሩን በማኅተም አዘጋ። በማግሥቱ ማኅተሙ ሳይፈታ ማዕዱ ተራቁቶ ተገኘ፤ ወለሉ ግን የወንድና የሴት፥ የሕፃንም እግር ታትሞበት ነበር። የተዘጋ ቤት፥ የጠፋ ነገር፥ በዐመድ ላይ የቀረ ዱካ፤ ዛሬ የምርመራ ደራሲዎች ሁሉ የሚመኩበት ጥበብ በሙሉ እዚያ አለ። ንጉሡም «ጣዖቱ በላው» ብሎ ሲደነቅ ዳንኤል ሣቀ። ነቢዩ ሣቀ! እንግዲህ ሣቅን ከምርመራ ቤት የሚያባርር ሰው አስቀድሞ ዳንኤልን ያባርር።

ነገር ግን ዳንኤል የሣቀው በምን ነበር? ሁለተኛው ወገን ሆይ፥ አሁን ወደ አንተ ዞርሁ። ዳንኤል የሣቀው በሐሰት ላይ ነው። በሶስና ጉዳይ፥ የንጽሕት ሴት ነፍስ በሚዛን ላይ በተቀመጠች ጊዜ፥ አልሣቀም። በጣዖቱ መብል ግን ሣቀ፤ በዚያ የተታለለ ንጉሥ እንጂ የሞተ ሰው አልነበረምና። ሚዛናችን ይህ ይሁን፦ ሣቅ በሐሰተኛው ላይ ሲያርፍ መድኀኒት ነው፥ በሟቹ ላይ ሲያርፍ ግን ሁለተኛ ግድያ ነው።

በዚህ ሚዛን «ቀጭኑ ሰው»ን ብንመዝነው ይጐድላል። በሽታው በተረቡ አይደለም፤ ባልና ሚስቱ እርስ በርሳቸው መፎጋገራቸው፥ በሠላሳና በአርባ ዓመት ትዳርም ሊወደድ የሚገባው ፍቅር ነው። በሽታው ከሟቹ ጋራ በሚያደርጉት ነገር ነው። የታሪኩ ጊዜ የልደት በዓል ሰሞን ነው። በዚያ በዓል፥ ሁለት ሰዎች በተገደሉበትና ሦስተኛው በወለል ሥር በሚበሰብስበት ከተማ፥ መርማሪው ሶፋ ላይ ተጋድሞ በዛፉ ላይ የተንጠለጠሉትን ጌጦች በመጫወቻ ጠመንጃ ይተኩሳል፤ ብርጭቆውም ከእጁ አይለይም። የዋይናንት ልጅ በታሪኩ መጀመሪያ «አባቴ ወዴት ነው?» እያለች የምትጠይቅ ምስኪን ነበረች። የአባቷ ሞት ግን በዚያው በእራት ገበታ ላይ፥ በሳህንና በጠርሙስ መካከል ይገለጣል፤ እርስዋም ከገበታው ናት። መርዶ እንዲህ ይነገራልን? በእኛ ዘንድ የአባቱን መርዶ ለልጅ የሚነግር ሰው ዘመድ ያሰባስባል፥ ሽማግሌ ይዞ ጎሕ ሲቀድ ይሄዳል፥ ልጁ ብቻውን እንዳይወድቅ የሚደግፉትን ሰዎች ያዘጋጃል። እዚያ ግን መርዶ የጨዋታው ማጣፈጫ ሆነ። ፍጻሜውም በባቡር ውስጥ የደስታ ጉዞ ነው። ቀብር የለም፤ ልቅሶ የለም፤ ተዝካር የለም። ያ አጥንት ከወለሉ ሥር ወጥቶ ወዴት እንደ ገባ የጠየቀ አንድም ሰው የለም።

ከሁሉ የሚከፋው ግን ከፊልሙ በኋላ የሆነው ነው። «ቀጭኑ ሰው» የሚለው ስም የማን ነበር? የዋይናንት ነበር፤ የጠፋው፥ የተገደለው፥ በሐሰት የተወነጀለው ሰው መጠሪያ ነበር። ተመልካቹ ግን መርማሪውን ወድዶ ሟቹን ረሳ፤ ስሙንም ከሟቹ ገፍፎ ለመርማሪው አለበሰው። የፊልሙ ነጋዴዎችም ይህን አይተው፥ በአውሮፓ አቆጣጠር ከ1936 እስከ 1947 ድረስ አምስት ተከታይ ፊልሞችን በዚያው ስም አወጡ፤ ዋይናንት የሌለበት «ቀጭኑ ሰው»፥ ቀጭኑ ሰው የሌለበት «ቀጭኑ ሰው»! ነገረ ፈጁ ሟቹን የወፍራም ልብስ አልብሶ ማንነቱን ሰረቀው፤ ሕዝቡ ደግሞ የቀረችውን ስሙን ሰረቀው። ገዳዩ ተያዘ፤ ሁለተኛውን ሌባ ግን ማን ይያዘው? በቅኔ ቋንቋ ብናገር፥ ወርቁ ተጥሎ ሰሙ ተያዘ። እንዲህ ያለ ቅኔ የሚዘርፍ ተማሪ ከመምህሩ ፊት ዳግመኛ አይቆምም።

«አባቴ፥ ይህ ተረት ነው፤ ዋይናንት የሚባል ሰው ከቶ አልተፈጠረም፤ ላልተፈጠረ ሰው ተዝካር ልታወጣ ነውን?» የሚለኝ ይኖራል። መልካም፤ ተረት መሆኑን አላጣሁትም። ነገር ግን ልብ በተረት ይለመዳል። ልጅ በእንጨት ጎራዴ ተጫውቶ ነው እጁ የብረቱን ጎራዴ የሚለምደው። በየማታው አንድ ሰው ሲሞት አይቶ፥ ስለ ሟቹ ምንም ሳይጠይቅ «ገዳዩ ማን ይሆን?» እያለ ብቻ የሚተኛ ሰው፥ በጎረቤቱ እውነተኛ ሞት በመጣ ጊዜም ያው ጥያቄ ብቻ ይመጣበታል። በጠላ ቤትና በጠጅ ቤት ወሬውን ስሙ። «እገሌ ተገደለ» ሲባል የሚቀጥለው ቃል ምንድር ነው? «ማን ገደለው? በምን ተመታ? ስንት ጥይት?» ነው። «ስንት ልጅ ነበረው? እርሻውን ማን ያርስለታል? እናቱ እንዴት ሆነች?» የሚል ስንት ሰው ነው? በየቀበሌው ኀዘን በበዛበት በዚህ ዘመን፥ ይህ የተረት ጥያቄ አይደለም።

የእኛን ነገር አወድሼ የሌላውን ብቻ ልነቅፍ አልተነሣሁም። እኛም ስውር ደም ሲፈስ የምንመረምርበት ሥርዐት ነበረን፤ አውጫጭኝ ይባላል፥ በሌላ አገር አፈርሳታ ይሉታል። ያገሩ ሰው ሁሉ በአንድ ሜዳ ተሰብስቦ፥ ወንጀለኛው እስኪታወቅ ድረስ ከዚያ ሳይለይ ይውላል። ከዚህ ሥርዐት አንድ ትልቅ ነገር እናገኛለን፦ አንድ ሰው ሲሞት አገሩ ሁሉ ሥራውን ያቆማል። ባለ ርስቱም ጭሰኛውም እኩል ይቀመጣሉ። የሟቹ ደም የሁሉም ዕዳ ነው። እዚያ ገበታ ላይ ተቀምጦ ብርጭቆ የሚያነሣ መርማሪ የለም። ግን ነውሩንም አልሸሽግም፦ ንጹሑ ገበሬ በእርሻ ወራት ቀኑን ይከስራል፤ ደካማውና ዘመድ የሌለው ሰው ስሙ ቶሎ ይነሣል፤ በሜዳው የሌለው ሰው ደግሞ ከሁሉ ቀድሞ ይጠረጠራል። ሌባ ሻይ የተባለውስ? መድኀኒት ጠጥቶ ራሱን የሳተ ብላቴና በወደቀበት ቤት ባለቤቱ ሌባ ተብሎ ሲፈረድበት፥ ስንቱ ንጹሕ ተዋርዷል! ያ ሥርዐት መከልከሉ መልካም ሆነ።

ስለዚህ «ቀጭኑ ሰው» በዚህ በኩል ለእኛ ትምህርት አለው፥ ይህንንም ሳልሰስት እመሰክርለታለሁ። የሌለ ሰው መልስ ስለማይሰጥ ብቻ በደለኛ አይሆንም ብሎ ያስተምራል። የጠፋ ሰው ሁሉ ሸሽቶ አልጠፋም፤ አንዳንዱ ተገድሎ ይጠፋል። በመንደራችን አንድ ሰው ሲሰወር «ገድሎ ሸፈተ» ማለት ቀላል ነው፤ ሐሜቱም ሲደጋገም ምስክር ይመስላል። ያን ጊዜ ሐሜቱን ትቶ አጥንቱን የሚመረምር ሰው ያስፈልጋል። ይህን ትምህርት ከሚያስተምረው ሰው እንቀበል፥ ፈረንጅ ነው ብለን አንመልሰው።

ነገር ግን የሟቹን ስም በመስረቅ ፈረንጆቹ ብቻቸውን አይደሉም፤ አሁን የምናገረው ለራሳችን ይመራል። ፉከራችንን እንመርምር። ፎካሪው ሲነሣ የማንን ስም ይጠራል? የራሱን ስም፥ የአባቱን ስም፥ የፈረሱን ስም፥ የምንሽሩን ስም ይጠራል። «ገዳይ» የሚለው ቃል በአፋችን ማዕርግ ሆኗል፤ እናት ልጅዋን፥ ሚስት ባልዋን ታወድስበታለች። ለአገር ድንበር የተዋጋውን አርበኛ አልነካም፤ እርሱ ሌላ ሚዛን አለው። ነገር ግን በወሰን ጠብ፥ በአንድ ጥማድ መሬት፥ በሰከረ ቃል ወንድሙን የገደለ ሰውም በዚያው ፉከራ ሲነሣ፥ በዚያው እልልታ ሲከበር አይተናል። የሟቹ ስም የሚነሣው ደግሞ ልጁ አድጎ «ደም መላሽ» በተባለ ጊዜ ብቻ ነው፤ ያን ጊዜም የሚነሣው ለሌላ ሞት ጥሪ እንዲሆን ነው። እንግዲህ አሜሪካዊው ሟቹን በሣቅ ቢቀብረው፥ እኛ በፉከራ እንቀብረዋለን። የመቃብሩ ጥልቀት አንድ ነው።

በዓለም የመጀመሪያውን ነፍሰ ገዳይ የመረመረው ማን ነበር? ምርመራውንስ እንዴት ጀመረ? ቃየል ብቻውን በሜዳ በቆመ ጊዜ፥ ሁሉን የሚያውቀው ፈራጅ «ምን አደረግህ?» ከማለቱ በፊት አቤልን በስሙ ጠርቶ፥ ወንድምነቱን አስታውሶ፥ ወዴት እንደ ሆነ ጠየቀ። ከሁሉ አስቀድሞ የተጠራው የሟቹ ስም ነው። ለማወቅ አልጠየቀም፤ ያውቅ ነበርና። የጠየቀው የሟቹ ስም በገዳዩ ጆሮ እንዲጠራ ነው። የምርመራ ሁሉ ሥርዐት ከዚህ ይወጣል፤ ከዚህ የወጣ ምርመራ፥ ገዳዩን ቢያገኝ እንኳ፥ ግማሽ ምርመራ ነው።

እንግዲህ ምን እናድርግ? ለካህናት ወንድሞቼ እንዲህ እላለሁ፦ «የሰይጣን ቤት» የሚለውን ቃል አስቀምጡት። ልጆቻችሁ ያዩትን ታሪክ እንዲነግሩአችሁ ጠይቁአቸው፤ እንደ ቅኔ አስፈቱአቸው። «ሰሙ ምንድር ነው? ወርቁስ? ስትሥቅ በማን ሣቅህ? የሞተውን ሰው ስም ታስታውሳለህን?» በሉአቸው። ይህን አራት ጥያቄ የለመደ ልጅ ከሺህ ፊልም በደኅና ይወጣል፤ ይህን ያልለመደ ግን ስብከታችንንም ላይ ላዩን ሰምቶ ይሄዳል።

ለተማሩት የከተማ ሰዎች፥ ይልቁንም በአማርኛ ድርሰትና ፊልም ለሚሠሩት ልጆቻችን፥ ሌላ ቃል አለኝ። ስለ ግድያ ጻፉ፤ አትፍሩ። አንባቢያችሁን አስጨንቁት፤ አሥቁትም፤ በሐሰተኛው ነገረ ፈጅ፥ በአድር ባዩ ምስክር፥ ልብስ አይቶ በሚፈርደው ሹም ሆዱን ይዞ ይሣቅ። ነገር ግን ሟቹን ሰው አድርጋችሁ አምጡት። እንዴት ይራመድ እንደ ነበረ፥ ምን ይወድድ እንደ ነበረ፥ ማን እንዳለቀሰለት አሳዩን። ገዳዩ ከታወቀም በኋላ ለአንድ ገጽ ያህል ቆዩ፤ ዐፅሙን ቅበሩት። ድንኳኑን ትከሉ፥ አልቃሿን አስገቡ፥ ልጁን በሰው መካከል አስቀምጡት። የባሕር ማዶው ጌታ ያስቀረውን ያን አንድ ገጽ እናንተ ብትጽፉ፥ ከእርሱ የተማራችሁትን ሁሉ ከነወለዱ ትመልሱለታላችሁ።

ለሁላችንም፥ ነገ በገበያ ወይም በጠላ ቤት «እገሌ ተገደለ» የሚል ወሬ ሲደርሰን፥ ገዳዩ ማን እንደ ሆነ ከመጠየቃችን በፊት የሟቹን ስም ከነአባቱ ስም እንጥራ፤ ቤቱ የት እንደ ሆነም ጠይቀን ለልቅሶ እንድረስ። ገዳዩን የሚፈልግ ዳኛ አለ፥ ፖሊስ አለ። የሟቹን ስም የሚጠብቅ ግን ጎረቤቱ ብቻ ነው።